ዋሻው ሳይሸፈን፦ ኮምቦልቻ አጠገብ አንድ የባቡር ዋሻ በቪዲዮ የተሰነደበት ጉዳይ

እንጀራዬ ሰርግ ነው። ኮምቦልቻ ውስጥ አንዲት ጠባብ ስቱዲዮ አለችኝ። ጥር ላይ ሰርግ፣ ሰኔ ላይ ምረቃ፣ በመሃል ኒካና ልደት። በ2008 ዓ.ም. አንድ ሰው ገብቶ «ዋሻ መቅረጽ ትችላለህ?» ሲለኝ፣ ለሙሽሮች ፎቶ የተመረጠ ቦታ መስሎኝ «ስንት ሚዜ አለ?» ብዬ ጠየቅኩት። ሰውዬው እስካሁን ባገኘኝ ቁጥር በዚህ ይስቅብኛል።

የሚሠራው በባቡር መስመሩ ላይ ከነበሩት ንዑስ ተቋራጮች ባንዱ ነበር። ከዋሻዎቹ አንዱ ገና አልተነካም። ከችካል ተከላው ጀምሮ ሐዲድ እስኪነጠፍበት ድረስ በቪዲዮ እንዲያዝላቸው ፈልገዋል። የአዲስ አበባ ባለሙያ ጠይቀው ዋጋው አስደንግጧቸዋል። እኔ ዘንድ የመጡት ርካሽ ስለሆንኩ ነው። አልደብቅም።

ከዚያ በኋላ ሦስት ዓመት ገደማ ሠራሁ። እዚህ የምጽፈው የሠራሁትን፣ ያበላሸሁትን፣ የጠፋብኝንና የተረፈኝን ነው። መንገድ ወይም ግድብ ሲሠራ ቅረጽ የተባለ የሙያ ባልደረባ ካነበበው የእኔን ስህተት ትቶ የራሱን አዲስ ስህተት ይሥራ።

መስመሩን ለማያውቅ ትንሽ ልበል። ከአዋሽ ተነስቶ በኮምቦልቻ በኩል ወልድያ አጠገብ ሐራ ገበያ የሚደርስ፣ 390 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚረዝም ሐዲድ ነው። አሠሪው የኢትዮጵያ ምድር ባቡር ኮርፖሬሽን ነው፣ ዋናው ተቋራጭ ደግሞ ያፒ መርከዚ የተባለው የቱርክ ኩባንያ። ውሉ በ2004 ዓ.ም. ተፈረመ፣ ግንባታው በ2007 ተጀመረ። የሐዲዱ ስፋት 1,435 ሚሊ ሜትር ነው፤ የድሮው የጅቡቲ ባቡር 1,000 ሚሊ ሜትር ነበር። በኤሌክትሪክ እንዲሄድ ታስቦ ነው የተሠራው። አገሩ ገደላ ገደል ስለሆነ ድልድይና ዋሻ ይበዛበታል። ደሴን ግን አይነካም። ከኮምቦልቻ እስከ ደሴ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፣ ግን በዚያች መንገድ ከ600 ሜትር በላይ ይወጣል። ባቡር ደግሞ እንደ አይሱዙ ዳገት አይወድም። ደሴዎች አየሩ ቆላ ነው እያሉ ሲያሾፉብን እኛም «ባቡሩ ሐረጎን መውጣት አቃተው» እንላቸዋለን፤ ሐረጎ በሁለታችን መሃል ያለው ዳገት ነው።

እንግዲህ ከከተማ ሥር የሚሄድ ሜትሮ አይደለም። እንዲያ ያለ ነገር በአገራችን ትንሽ የሚቀርበው የአዲስ አበባው ቀላል ባቡር ነው፣ ምኒልክ አደባባይ አካባቢ ለአጭር ርቀት መሬት ውስጥ ይገባል። ለእሱ ሲባል የአቡነ ጴጥሮስ ሐውልት በ2005 ዓ.ም. ተነስቶ በ2008 ወደ ቦታው ተመልሷል። ካሜራው ፊት ግን ሁሉም አንድ ነው። መሬት ትቆፍራለህ፣ ትሸፍናለህ፣ የሸፈንከውን ማንም አያይም።

አምስት ወር ጭብጨባ

የመጀመሪያዎቹን አምስት ወራት እንደ ሰርግ ነው የቀረጽኳቸው። ሌላ አላውቅም። እንግዳ ሲመጣ ይደውሉልኛል፣ እሄዳለሁ። ቢጫ ኮፍያ የደፋ ሰው እጁን ወደ ተራራው ይዘረጋል። ሌላው ራሱን ይነቀንቃል። ውሃ ይታደላል። ፎቶ እንነሳ ይባላል። እኔ ደግሞ እንደ ልማዴ የፊት ገጽታ፣ የእጅ መጨባበጥ፣ ፈገግታ እየሰበሰብኩ እመለሳለሁ።

በእነዚያ አምስት ወራት ውስጥ ሰርቬየሮቹ መስመሩን በችካል ምልክት አደረጉ። ድንጋዩ ምን እንደሚመስል ለማወቅ መሬት ተበስቶ በክብ በክብ የወጣው ናሙና በሳንጣ ሳጥን ተደረደረ። ወደ ዋሻው አፍ የሚወስደው መንገድ ተጠረገ። ጎንዮሽ ከገቡብኝ በቀር አንዱንም አልቀረጽኩም። ከእንግዶቹ ጀርባ የታዩ ችካሎች አሉኝ፣ ብዥ ብለው።

ያነቃኝ አንድ የድሮ ቀረጻ ነው። አንድ ወዳጄ በፍላሽ አምጥቶልኝ አየሁት። ለንደን ውስጥ ቪክቶሪያ የሚባለው የመሬት ውስጥ ባቡር መስመር ሲሠራ የተቀረጸ ነው። ዘመኑ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር 1960ዎቹ ነው። የብሪታንያ ትራንስፖርት የራሱ የፊልም ክፍል ነበረው፣ እና መስመሩ እስኪያልቅ አልጠበቀም። ሥራው እየሄደ በየደረጃው አጫጭር የዘገባ ፊልም ያወጣ ነበር። የመስመሩ የመጀመሪያ ክፍል በ1968 ተከፈተ፤ ንግሥቲቱ በማርች 1969 መርቀውታል። ፊልሞቹ ግን ከምርቃቱ ዓመታት ቀድመው ነው የጀመሩት።

እኔን የያዘኝ ኦክስፎርድ ሰርከስ የሚባለው መስቀለኛ ቦታ ነው። በዓለም ላይ ሰው ከሚጋፋባቸው የገበያ ጎዳናዎች አንዱ ነው። ከሥሩ አዲስ የቲኬት አዳራሽ መቆፈር ነበረበት፣ መንገዱን ዘግቶ መሥራት ግን አይቻልም። ስለዚህ በ1963 የኦገስት የበዓል ቀናት፣ ሱቅ በተዘጋበት ሰዓት፣ ከመንገዱ በላይ የብረት ድልድይ ገጠሙ። «ጃንጥላ» ይሉት ነበር። መኪናው በላዩ ይሄዳል፣ ቁፋሮው ከሥሩ ይቀጥላል። በ1968 ተነሳ። ዛሬ እዚያ ብትሄድ አስፋልት ነው የምታየው። ጃንጥላው ያለው ፊልም ላይ ብቻ ነው።

ያን ማታ የራሴን አምስት ወር ከፍቼ አየሁት። የሰው ጥርስ ነው ያለው።

በነጋታው ሳይት ሄጄ ፎርማኑን አገኘሁት። ዕድሜው ገፋ ያለ ወሎዬ ነው፣ ሁላችንም «አያ» ነው የምንለው። «አያ፣ ከሚሠራው ውስጥ ነገ የማይታየው የትኛው ነው?» አልኩት። ጥርሱን ፍቆ ሲጨርስ መፋቂያውን ወደ ዋሻው አፍ ቀሰረ። «አንተ ልጅ፣ ሁሉም ነዋ!» አለ።

ራቁቱን የሚቆም ድንጋይ

የዋሻ ሥራ ዙር አለው። ሰርቬየሩ የሚፈነዳውን ግንባር በቀለም ምልክት ያደርጋል። መሰርሰሪያው ገብቶ ይበሳል። ቀዳዳው በፈንጂ ይሞላል። ሰው ሁሉ ይወጣል፣ ሳይረን ይጮኻል፣ ይፈነዳል። ጭሱ በትልቁ ማራገቢያ እስኪጠራ ይጠበቃል። የተንጠለጠለው ድንጋይ ይረገፋል። ሎደር ፍርስራሹን ለሲኖትራክ ይጭናል።

ከዚያ አንዲት ጊዜ አለች። የተራራው ሆድ ራቁቱን ይቆማል። ጂኦሎጂስቱ ወረቀቱን ይዞ ይገባል። ስንጥቁ በየት በኩል እንደሚሄድ፣ ድንጋዩ የት ላይ እንደሚላላ፣ ውሃ የት እንደሚያንጠባጥብ ይሥላል። ብዙ አይቆይም። ሾትክሪቱ ይመጣል፤ በአየር ግፊት የሚረጭ ኮንክሪት ነው። ሮክ ቦልት የሚባል የብረት ዘንግ ይገባል፣ እንደ ልብስ መርፌ ድንጋዩን ከኋላው ካለው ድንጋይ ጋር ይሰፋዋል። ቆይቶ ውሃ የማያስገባ ፕላስቲክ ይለብሳል። በላዩ የመጨረሻው ኮንክሪት ይፈስሳል። አለቀ። ያንን ድንጋይ ከዚያ ወዲያ ያየው የለም።

ያቺን ጊዜ ለመቅረጽ ነው የቀረውን ሁሉ ያስተካከልኩት። ሌት ይሁን ቀን፣ ጂኦሎጂስቱ ሲገባ አብሬው እገባለሁ። አንድ ሕግ ነበር፣ እና ማንም አይጥሰውም፦ ድጋፍ ያልተደረገለት ጣሪያ ሥር አይቆምም። ስለዚህ ከመጨረሻው የተደገፈ ቦታ ላይ ስታንዴን ተክዬ በዙም እይዛለሁ። መጀመሪያ ሙሉ ግንባሩን። ቀጥሎ ከግራ ወደ ቀኝ ቀስ ብዬ። ከዚያ ውሃ ያለበትን ቦታ ለብቻ። ሁልጊዜ በዚሁ ቅደም ተከተል። ያሰለቻል። የእህቴ ልጅ ሊረዳኝ መጥቶ ሁለት ሳምንት ካየ በኋላ «አጎቴ፣ ይሄ እኮ አንድ ቪዲዮ ነው፣ ለምን ኮፒ አናደርገውም?» አለኝ።

ከመቅረጼ በፊት ትንሽ ነጭ ሰሌዳ እይዛለሁ። ቀን፣ ሰዓት፣ ከዋሻው አፍ ስንት ሜትር እንደሆነ። ሜትሩን ሰርቬየሩ ጮክ ብሎ ይነግረኛል፣ ድምፁም ይቀረጻል። ሰሌዳውን የረሳሁባቸው ቀናት አሉ። የእነሱ ቪዲዮ ዛሬ ግንብ ነው። የት እንደሆነ ማንም አይነግርህም።

ከሰሌዳው በተጨማሪ ደብተር ነበረኝ። ተራ የተማሪ ደብተር። አንድ መስመር ለአንድ ቀረጻ፦ የፋይሉ ቁጥር፣ ሜትሩ፣ ምን እንዳየሁ፣ ማን እንደተናገረ። «ከግራ በታች ውሃ፣ እንደ ቧንቧ፣ አያ መጥፎ ነው አለ» የሚል አለ። «ድንጋዩ ቀይ ሆነ» የሚል አለ። «ታማም» ብቻ የሚል ቀን ብዙ ነው። ታማም በቱርክኛ እሺ፣ ተስተካክሏል ማለት ነው። ሳይቱ ላይ ከኢንጂነር እስከ ዘበኛ ያልለመደው አልነበረም። ሻይ ቤቷ ሳትቀር «ማኪያቶ ታማም?» ትል ነበር።

ያላወቅኳቸው ነገሮች

ካሜራውን ስለማወቅ ይህን ያህል አልኩራራም፣ ዋሻው ግን ብዙ አስተማረኝ።

መብራቱ ቪዲዮው ላይ ይርገበገብ ነበር። በዓይን አይታይም፣ ቤት ገብተህ ስትከፍተው ነው የምታየው። የእኛ ኤሌክትሪክ በሰከንድ 50 ዙር ነው፣ የሳይቱ ጄኔሬተርም እንደዚያው። እኔ ደግሞ አንድ ሰው ኢንተርኔት ላይ እንዳለው ሹተሩን፣ ማለትም ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚገባበትን ጊዜ፣ 1/60 ሰከንድ ላይ አድርጌዋለሁ። በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሹተሩን 1/50 አድርጌ ገላገልኩት። ያ እስኪገባኝ ሦስት ሳምንት ሄዷል።

የጠዋት ብርድ የያዘው ካሜራ ሞቃትና እርጥብ ወደሆነው ዋሻ ሲገባ ሌንሱ ላብ ያልበዋል። ብትጠርገው ይመለሳል። ቦርሳውን ዘግተህ ውስጥ ሃያ ደቂቃ ማስቀመጥ ብቻ ነው መድኃኒቱ። ጂኦሎጂስቱ ሃያ ደቂቃ አይጠብቅህም። ስለዚህ ቀድሜ ገብቼ መቀመጥ ለመድኩ።

ሾትክሪት ሲረጭ ግድግዳው ላይ ያልያዘው ተመልሶ ይፈናጠራል። አንዲት ጠብታ ሌንሱ ፊት ባደረግኩት ማጣሪያ መስታወት ላይ አርፋ ደረቀች። በጥፍሬ፣ በሎሚ፣ በኮምጣጤ ሞከርኩ። አልሆነም። መስታወቱን ጣልኩት፣ ሌንሱ ተረፈ። ከዚያ በኋላ መስታወቱን በብዛት መግዛት ጀመርኩ።

ፈንጂ በሚሞላበት ሰዓት ስልክ አይያዝም። በኤሌክትሪክ የሚነሳ ማስፈንጠሪያ ካለ የሬዲዮ ሞገድ ሊያስነሳው ይችላል ተብሎ ይፈራል። ካሜራዬ ዋይፋይ እንዳለው ያወቅኩት የደኅንነት ኃላፊው አንጠልጥሎ ይዞ «ይሄ ምንድን ነው የሚበራው?» ሲለኝ ነው። ደነገጥኩ። «አብሽር፣ አጥፋውና ግባ» አለኝ።

ድምፅ ውስጥ አይታሰብም። ማራገቢያው ሁሉን ይውጣል። ሰው ማናገር ስፈልግ ወደ ፒክአፕ ጋቢና እወስደዋለሁ፣ መስኮት ይዘጋል፣ ሞተር ይጠፋል። ከጋቢና የተሻለ ስቱዲዮ አላየሁም። ሰውም አይፈራም። ዳሽቦርድ ላይ ካርታ ዘርግቶ በጣቱ እያሳየ፣ መስመሩ ለምን በዚህ እንጂ በዚያ እንዳልሄደ አሥራ ሁለት ደቂቃ ያስረዳኝ ሰርቬየር አለ። ከቀረጽኩት ሁሉ እሱን ነው የምወደው። አንድም ማሽን የለበትም። ጣትና ወረቀት ነው።

ሌላው ከዋሻው አፍ ፊት ለፊት ካለው ኮረብታ ላይ የተከልኩት ካሜራ ነው። የብረት ቱቦ በሲሚንቶ አቁሜ ሳጥን አሠራሁለት። በየአሥር ደቂቃው አንድ ፎቶ ያነሳል። በቀን 144 ፎቶ ማለት ነው፤ በሰከንድ 25 ስታስኬደው ስድስት ሰከንድ አይሞላም። የአንድ ወር ሥራ ሦስት ደቂቃ አይሆንም። ተራራው እንዴት እንደተበላ የሚታየው እዚህ ላይ ነው። አንድ ጊዜ ሳልወጣ ሰነበትኩ። ስወጣ ሸረሪት ሌንሱ ፊት ድሯን አድርታ አሥራ አንድ ቀን የባቡር ፕሮጀክት ሳይሆን የሸረሪት ፕሮጀክት ቀርጫለሁ። እሱንም አልጣልኩትም ነበር።

ድሮንም ተጠይቄ ነበር። ያለ ፈቃድ አይነሳም፣ ፈቃዱ ደግሞ ረጅም መንገድ አለው። ተውኩት። ደግሞስ የዋሻን ሥራ ከሰማይ አይተህ ምን ታገኛለህ?

ስለ ገንዘቡና ስለ ቅጂው

ይህን ቶሎ ልለፈው፣ ደሜ ይፈላል። ውላችን አንድ ገጽ ነበር። ስንት ቀን እንደምሠራና ስንት እንደሚከፈለኝ ይላል። ያልተቆረጠው ቀረጻ የማን እንደሆነ አይልም። መጨረሻ ላይ የፈለጉት ሙዚቃ ያለበት የአሥራ አምስት ደቂቃ ቪዲዮ ነው። ሠራሁላቸው። ጥሩ ነው፣ ባንዲራም አለበት። ክፍያው ዘገየ፣ ከፊሉ እስከ ዛሬ አልመጣም። ያልተቆረጠውን ማንም አልጠየቀኝም። እኔ ዘንድ ቀረ።

ብዛቱን ልንገራችሁ። ካሜራዬ በሰከንድ 50 ሜጋቢት ነው የሚቀርጸው። አንድ ሰዓት 22 ጊጋባይት ተኩል ይይዛል። ባለ ሁለት ቴራ ዲስክ ዘጠና ሰዓት አይሞላም። አራት ዲስክ ሞላሁ። ሁለተኛ ቅጂ ለማስቀመጥ ሌላ አራት መግዛት ነበረብኝ። ያኔ የዲስክ ዋጋ ስንት የሰርግ ቅድሚያ ክፍያ እንደሆነ የሚያውቅ ያውቃል። ነገ እገዛለሁ እያልኩ ቆየሁ። አራቱም አንድ መሳቢያ ውስጥ ነበሩ።

ቀረጻው ለመጀመሪያ ጊዜ ሥራ የሠራው በዚህ መሃል ነው። ዋሻው ኮንክሪት ከለበሰ በኋላ ነው፣ በክረምት። አንድ ኢንጂነር ደወለልኝ። ከዋሻው አፍ ይህን ያህል ሜትር ላይ ግድግዳው እርጥበት አሳይቷል፣ ከኋላው ምን እንደነበር ማየት እንፈልጋለን አለ። የጂኦሎጂስቱ ሥዕል እጁ ላይ አለ፣ ግን በዓይን ማየት ፈልጓል። ደብተሩን ገለበጥኩ። «ከግራ በታች ውሃ፣ እንደ ቧንቧ፣ አያ መጥፎ ነው አለ።» ሜትሩ ልክ ነው። ሃያ ደቂቃ አልፈጀብኝም። መጥቶ ስቱዲዮዬ ውስጥ፣ የሙሽሪት ወንበር ላይ ቁጭ ብሎ አራት ጊዜ አየው። «ታማም» ብሎ ሄደ።

መሳቢያው

በ2014 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ደረሰ። እኛም እንደ ሰዉ ሁሉ ወጣን፣ ወደ ደብረ ብርሃን። ምን ይዤ እንደወጣሁ ብትጠይቁኝ አላስታውስም። ኅዳር መጨረሻ ከተሞቹ ነፃ ወጡ፣ እኛም ተመለስን። የስቱዲዮዬ በር የለም። ኮምፒውተር የለም፣ ካሜራ የለም፣ መብራት የለም። የግድግዳ ሰዓቱ የለም። ለፎቶ ጀርባ የምሰቅለው የፏፏቴ መጋረጃ ሳይቀር ሄዷል። መሳቢያው ከነዲስኩ የለም።

መስመሩም በጦርነቱ ጉዳት ደርሶበታል። ያኔ ኤሌክትሪክ በወቅቱ ባለመቅረቡ ገና መደበኛ አገልግሎት አልጀመረም ነበር።

ብዙ ጊዜ ስለዚህ ነገር ማውራት አልፈልግም ነበር። ሰው ሞቷል፣ ቤት ተቃጥሏል፣ አንተ የድንጋይ ቪዲዮ ጠፋብኝ ትላለህ?

የተረፈው በሁለት አጋጣሚ ነው። አንደኛው የእህቴ ልጅ ነው፣ ያ «ኮፒ አናደርገውም?» ያለኝ። ባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ነበር። ለመማሪያው ይሆነኛል ብሎ የቀረጻውን ትንሿን ቅጂ ወስዷል። ትልቁን ፋይል ኮምፒውተሩ ስለማይችለው አሳንሶ፣ በሰከንድ 5 ሜጋቢት አድርጎ ነው የቀየረው። አሥር እጥፍ አንሷል። ጥራቱ ወርዷል፣ ጨለማው ላይ ይቆራረሳል። ግን ወደ ሁለት መቶ ሰዓት የሚጠጋው እሱ ዘንድ ነበር። ሳይነግረኝ ነው የወሰደው። ድሮ ባውቅ እቆጣው ነበር።

ሁለተኛው ደብተሮቹ ናቸው። አራት ነበሩ። ሦስቱ ደብረ ብርሃን ድረስ አብረውን ሄደዋል። ባለቤቴ የልጆቹን የልደት ካርድና የቤቱን ካርታ ስትሰበስብ እነሱንም ከሻንጣው ወረወረቻቸው። የዱቤ ደብተር መስሏት ነው። «ዕዳ ያለበት ሰው ሁሉ እኮ አልከፈለም» ነው ያለችኝ።

ከሁለቱ አንዱ ቢጠፋ ሌላው ዋጋ አልነበረውም። ይህን ያወቅኩት አራተኛው ደብተር የያዘውን ክፍል ስከፍት ነው። ቪዲዮው አለ። ደብተሩ የለም። ከሰሌዳው ውጭ የተቀረጸው ሁሉ ግራጫ ድንጋይ ነው። አንዱ ግራጫ ከሌላው ግራጫ በምን ይለያል?

ችካሉና ዋርካው

አሁን ወደ አንድ ቤተሰብ ልምጣ። ከዋሻው አፍ በታች መሬት የነበራቸው ናቸው። እናትየዋን እማማ ነው የምላቸው። መሬታቸው በከፊል ለመስመሩ ተወስዶ ካሳ ተከፍሏቸዋል። ቆይተው ግን ልጆቹ ክርክር አነሱ። አውድማችንም ገብቷል፣ ዋርካውም አልተቆጠረልንም አሉ። ጉዳዩ በአንድ ቢሮ ይንከባለል ነበር። ፋይሉ በግርግሩ መሃል የት እንደገባ አልታወቀም።

ታላቁ ልጅ ስቱዲዮዬ መጣ። «ያኔ ካሜራ ይዘህ ስትዞር ነበር፣ የኛን መሬት ቀርጸሃል?» አለኝ።

ደብተር አንድ፣ ገጽ ስድስት። ከአምስቱ የጭብጨባ ወራት በኋላ፣ ግን ቁፋሮው ሳይጀመር፣ ችካሎቹን አንድ በአንድ ዞሬ ቀርጫቸው ነበር። ያን ጊዜ ለምን እንደሆነ ያወቅኩ አይመስለኝም። ከለንደኑ ቀረጻ በኋላ የመጣብኝ አባዜ ነው። ሰርቬየሩ የችካሉን ቁጥር ያነባል፣ እኔ ከችካሉ ጀምሬ ዙሪያውን አዞራለሁ።

ልጁ ከእናቱና ከወንድሙ ጋር ተመልሶ መጣ። አዲስ በገዛሁት ላፕቶፕ ከፈትኩላቸው። ምስሉ ትንሿ ቅጂ ስለሆነች ዳር ዳሩ ይበላሻል፣ ግን ይታያል። ችካሉ፣ ቁጥሩ፣ ከኋላው አውድማው። አውድማው ከችካሉ ውጭ ነው። በደንብ ውጭ። ወንድሙ «ችካሉን በኋላ አንቀሳቅሰውታል» አለ። ታላቁ ዝም አለ። ወደ ቀኝ ዞረ ካሜራው። ዋርካው መጣ። ዋርካው ከችካሉ ውስጥ ነው። ከሥሩ ሦስት ሰዎች ተቀምጠዋል፣ ጀሪካን አለ፣ አንዲት ሴት ቆማለች።

ቅጂውን በፍላሽ ሰጠኋቸው፣ የደብተሩንም ገጽ ፎቶ አንስቼ ጨመርኩበት። ቢሮው አየው። ስለ አውድማው ያነሱት ወደቀ። ዋርካው ግን እንዲታይላቸው ወደ ገማቾች ተመለሰ። ልጆቹ ከቢሮው ሲወጡ ግማሽ ደስ ብሏቸው ግማሽ ተኮሳትረው ነበር። ታናሽየው እስካሁን ሰላም አይለኝም። አውድማውን ያስወሰድከው አንተ ነህ ይለኛል።

እማማ ግን ያን ቀን ስቱዲዮ ውስጥ ስለ ካሳው አንድም ቃል አልተናገሩም። ልጆቻቸው ሲጨቃጨቁ ወደ ላፕቶፑ ጠጋ አሉ። መነጽራቸውን አውጥተው አደረጉ።

«ይቺ ዋርካው ሥር የቆመችው ማናት?» አሉ።

«እርስዎ ነዎት እማማ።»

«እኔ?»

«አዎ፣ ያን ቀን ጠላ አምጥተውልን ነበር።»

ቀና ብለው አዩኝ። ተመልሰው ስክሪኑን አዩ።

«ምነው ልጄ! ይቺን ነጠላ ለብሼ ነው ያቆምከኝ?»